ሥልጣን የሌለው ሹመት፦ የጠበቃው ሊንከን አሌክሳንደር ታሪክ

 

ሰሞኑን ካናዳ፣ ሃሚልተን ከተማ የሚኖር የድሮ ተማሪዬ የድምፅ መልእክት ላከልኝ። "ቲቸር፣ ወደ ሥራ ስሄድ በየቀኑ 'ሊንክ' በሚባል መንገድ ነው የምነዳው። ስሙ የሰው ስም ነው አሉኝ፤ ደግሞ ጥቁር ሰው ነው፣ ገዥ ነበር ይላሉ። እዚህ አገር ጥቁር ሰው መቼ ነው ገዥ የሆነው?" ይላል። በድምፅ መልሼ የምገላገለው ጥያቄ መስሎኝ ጀመርኩት፣ አልሆነም። ስለዚህ ጻፍኩት። ረዘም ይላል፣ ቡናችሁን ይዛችሁ ቁጭ በሉ። (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ሰውየው ሊንከን ማኮሊ አሌክሳንደር ይባላል። ሙያው ጥብቅና ነው። ከ1985 እስከ 1991 ድረስ የኦንታሪዮ ሌተናንት ገዥ ነበር። ኦንታሪዮ ከካናዳ ክፍለ ግዛቶች ሁሉ ብዙ ሕዝብ ያለባት ናት፤ ቶሮንቶም፣ ሃሚልተንም፣ ዋና ከተማው ኦታዋም እዚያው ውስጥ ናቸው።

ግን "ገዥ" የሚለው ቃል እንዳያሳስተን። እኛ አገር ገዥ ሲባል ዓይናችን ላይ የሚመጣው ግብር የሚያስገብር፣ ዳኝነት የሚያይ፣ የሚሾምና የሚሽር ሰው ነው። "ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል" የሚለው ተረታችንም የመጣው ከዚያ ዓይነቱ ሹመት ነው። የካናዳው ሌላ ነው። ካናዳ ውስጥ አገሩን የሚመሩት በምርጫ ያሸነፉት ናቸው። ሌተናንት ገዥው የዘውዱ ወኪል ነው። የሚሾመው በፌዴራሉ ጠቅላይ ሚኒስትር ምክር ነው። ምክር ቤቱ ያጸደቀውን ሕግ ይፈርማል፣ አዲስ መንግሥት ሲመሠረት ቃለ መሐላ ያስፈጽማል፣ ምክር ቤቱ ሲከፈት የዙፋኑን ንግግር ያነባል። ንግግሩን የሚጽፈው ግን እሱ አይደለም፤ ሥልጣን ላይ ያለው ፓርቲ ነው። ባጭሩ የሚያዝበት ወታደር የለውም፣ የሚያከፋፍለው በጀት የለውም፣ በፖለቲካ ጉዳይ የራሱን ሐሳብ አደባባይ ላይ መናገርም አይፈቀድለትም።

የእኛ ቋንቋ ለዚህ ሹመት ጥሩ ቃል አለው፦ እንደራሴ። ንጉሡ "እሱ እንደ ራሴ ነው" ብሎ የሚልከው ሰው ማለት ነው። ደግሞ የፓርላማ አባልንም የሕዝብ እንደራሴ እንላለን። ሊንከን አሌክሳንደር በሕይወቱ ሁለቱንም ሆኗል። መጀመሪያ የሕዝብ፣ በኋላ የንግሥቲቱ። እዚያ የደረሰው ግን "አንተ እንደ እኛ አይደለህም" እየተባለ ነው። ነገሩ ሁሉ እዚህ ላይ ነውና ከሥሩ እንጀምር።

የተወለደው በጃንዋሪ 21 ቀን 1922 ቶሮንቶ ውስጥ፣ ድሬፐር በምትባል ትንሽ ጎዳና ነው። እናቱ ሜይ ሮዝ ከጃማይካ የመጣች፣ በሰው ቤት የምትሠራ ሴት ነበረች። አባቱ ከሴንት ቪንሰንት ደሴት የመጣ አናጢ ነው። አናጢ ቢሆንም አናጢነት ማን ይሰጠዋል? ባቡር ላይ ፖርተር ሆነ። ፖርተር ማለት የመንገደኛውን ሻንጣ የሚሸከም፣ አልጋውን የሚያነጥፍ፣ ጫማውን የሚጠርግ ሠራተኛ ነው። በዚያ ዘመን ለካናዳ ጥቁር ወንድ ቋሚ ደመወዝ ያለው ሥራ ከተባለ ከዚህ ብዙ አያልፍም። መንገደኞቹ ፖርተሩን በስሙ አይጠሩትም ነበር፤ ማንም ይሁን ማን "ጆርጅ" ይሉታል። የመኝታ ባቡር ኩባንያ ባለቤት የነበረው ሰው ስም ጆርጅ ፑልማን ስለነበረ ነው። ልክ የጌታው ንብረት እንደሆነ ባሪያ ማለት ነው። ይህን "ጆርጅ" የሚለውን ነገር ያዙልኝ፣ በኋላ እመለስበታለሁ።

ቤታቸው ሰላም አልነበረውም። አባትየው እናትየዋን ይመታት ነበር፤ በመጨረሻ ጥላው ኒው ዮርክ፣ ሃርለም ገባች። ሊንከንም ተከትሏት ሄደ። ሃርለም ለእኛም እንግዳ አይደለችም፤ ጣሊያን በ1935 ሲወረን ከባሕር ማዶ ሆነው ሰልፍ የወጡልን የሃርለም ጥቁሮች ናቸው። ቶሮንቶ ውስጥ ጥቁር በቁጥር ነው፣ ሃርለም ግን ከተማው ሁሉ ጥቁር ነው። ልጁ እንደሱ ያለ ሰው ከሻንጣ ተሸካሚነት ሌላ ሥራ ሲሠራ ያየው እዚያ ነው። እናቱ በየጊዜው የምትደጋግምለት አንድ ነገር ነበር፦ ትምህርት ቤት ሂድ፣ አንተ ትንሽ ጥቁር ልጅ ነህ። በስተርጅና የሕይወት ታሪኩን ሲጽፍ የመጽሐፉን ርዕስ ይህንኑ የእናቱን ቃል አደረገው። ሌላ ሰው ቢለው ስድብ ነው። እናት ስትለው ግን "ሌላ ስንቅ የለንም" ማለቷ ነው።

ጦርነቱ ሲጀመር በ1939 ወደ ካናዳ ተመለሰ። ከዚያ ኢቮን ሃሪሰን የምትባል የሃሚልተን ልጅ ወደደና እሷን ብሎ ሃሚልተን ገባ፣ ፋብሪካም ተቀጠረ። በ1942 የካናዳ አየር ኃይልን ተቀላቅሎ የሬዲዮ ኦፕሬተር ሆነ፤ አሥር አለቃ ደረሰ። በ1945 ቫንኩቨር ውስጥ ዩኒፎርሙን እንደለበሰ አንድ መጠጥ ቤት ገባ። "ለአንተ አንሸጥም" አሉት። ለምን ቢባል ቀለሙ ነው። ወደ አለቃው ሄዶ አመለከተ። አለቃው ነገሩን ችላ አለው። ሊንከን በዚያው አየር ኃይሉን በክብር ስንብት ለቀቀ።

እዚህ ላይ ትንሽ እንቁም። ቁጣ እዚያው ያቆመው ሰው ስንት ነው? "ለዚህ አገር ነው እንዴ የተዋጋሁት?" ብሎ ቢቀር ማን ይፈርድበታል? እሱ ግን የእናቱን ቃል ይዞ ማክማስተር ዩኒቨርሲቲ ገባ። ታሪክና ፖለቲካል ኢኮኖሚ አጥንቶ በ1949 ተመረቀ። እናቱ ምርቃቱን አላየችም፤ ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት ሞታለች። ኢቮንን ያገባትም በዚያው በ1948 ነው።

ዲግሪውን ይዞ የሃሚልተን ትልቁ የብረት ፋብሪካ፣ ስቴልኮ፣ የሽያጭ ክፍል ሥራ ጠየቀ። ውጤቱ ጥሩ፣ የድጋፍ ደብዳቤው ጥሩ። ነገር ግን ጥቁር ሻጭ ደንበኛ ፊት ማቆም አልፈለጉም። ከፈለግህ ወደ ፋብሪካው ውስጥ ተመለስ፣ የጉልበት ሥራ አለልህ አሉት። እሱም እምቢ ብሎ ቶሮንቶ ኦስጉድ ሆል ሕግ ትምህርት ቤት ገባ። ስለዚህ ጠበቃ የሆነው ከልጅነት ጀምሮ ሕግ ሲያልም ኖሮ አይደለም፤ ሰው ቀጥሮ "ውጣ" የማይለው ሥራ ፈልጎ ነው።

ሕግ ትምህርት ቤት ውስጥ የሆነውን ነገር ለተማሪ ሁሉ ብነግር ደስ ይለኛል። የትምህርት ቤቱ ዲን ክፍል ውስጥ ሲያስተምሩ ጥቁርን የሚያዋርድ ቃል ያለበት አንድ የእንግሊዝኛ አባባል ጣል አደረጉ። ክፍሉ በተማሪ የተሞላ ነው። ሊንከን ተነሣና ምን ማለትዎ ነው ብሎ ጠየቀ። ዲኑ ሁሉም ሰው የሚለው አባባል ነው አሉ። እሱም እርስዎ ያሉበት ቦታ ምሳሌ የሚኮንበት ቦታ ነው፣ እንዲህ ሊሉ አይገባም አላቸው። ልብ በሉ፣ የሚመርቁት ወይም የሚጥሉት ሰውዬው ናቸው! ከዓመታት በኋላ ሊንከን ስለዚያች ቀን ሲያስታውስ ድፍረቱ ከየት እንደመጣ አላውቅም፣ ሰው የሆንኩት ግን ያን ቀን ነው የሚል ነገር ተናግሯል።

በ1953 ተመረቀ። በዚያ ጊዜ የሕግ ምሩቅ ፈቃድ ለማግኘት አንድ ጠበቃ ቢሮ ገብቶ መለማመድ ነበረበት። ቢሮዎቹ በራቸውን ዘጉበት፣ በመጨረሻ አንድ ቶሮንቶ ያለ ጠበቃ ተቀበለው። በኋላ ሃሚልተን ከሌሎች ጋር ሽርክና ገባ። በ1962 የተመሠረተው ቢሯቸው ሚላር፣ አሌክሳንደር፣ ቶኪዋና አይዛክስ ይባል ነበር። ነጭ፣ ጥቁር፣ የጃፓን ዝርያና የአገሬው ነባር ሕዝብ ተወላጅ ባንድ ሰሌዳ ላይ ተጽፈው ማለት ነው። የሃሚልተን ሰው "የተባበሩት መንግሥታት" እያለ ይቀልድባቸው ነበር አሉ። የሚመጡላቸው ባለጉዳዮችም አብዛኞቹ ቤት የሚገዙ፣ ውል የሚዋዋሉ፣ ሌላ ቢሮ ገብተው የሚሳቀቁ ስደተኞች ናቸው።

መሐል ላይ፣ በ1960፣ ከባለቤቱ ጋር በበጎ ፈቃድ ጉዞ 23 የአፍሪካ አገሮችን ዞሯል። 1960 የአፍሪካ ዓመት የሚባለው ነው፤ በዚያ አንድ ዓመት ብቻ 17 አገሮች ነፃ ወጥተዋል። የፖርተር ልጅ ሄዶ ጥቁር ሚኒስትር፣ ጥቁር ዳኛ፣ ጥቁር ንጉሥ አየ። ጥቁርነቴን በሙሉ ልብ ያወቅሁት እዚያ ነው ይላል። አያችሁ፣ ሰው አንድ ነገር "ይቻላል" የሚለው ብዙ ጊዜ አንድ ሰው ሲያደርገው በዓይኑ ካየ በኋላ ነው።

ወደ ፖለቲካ የጎተቱት የወግ አጥባቂው ፓርቲ መሪ ጆን ዲፈንቤከር ናቸው። በ1965 ተወዳድሮ ተሸነፈ። በ1968 እንደገና ሞከረ። ያ ዓመት ደግሞ ፒየር ትሩዶ አገሩን ያሳበዱበት፣ ሊበራሎች የጠረጉበት ምርጫ ነው። ሊንከን በዚያ ማዕበል መሐል በተቃራኒው ፓርቲ ተወዳድሮ ሃሚልተን ምዕራብን በ342 ድምፅ አሸነፈ። የካናዳ የመጀመሪያው ጥቁር የፓርላማ አባል ሆነ። የመጀመሪያ ንግግሩን ያደረገው ሴፕቴምበር 20 ቀን 1968 ነው። የተናገረው ፍሬ ነገሩ እንዲህ ነበር፦ የጥቁሮች ቃል አቀባይ አይደለሁም፣ ያን ክብር ማንም አልሰጠኝም፤ ነገር ግን ለእነሱም፣ በዘሩ ወይም በሃይማኖቱ ወይም በቀለሙ ለተበደለ ለማንኛውም ሰው የመናገሩን ኃላፊነት እቀበላለሁ።

ይሄ የጠበቃ ንግግር ነው። ውክልና ምን እንደሆነ የሚያውቅ ሰው ንግግር። ውክልና ሳይሰጠው "በሕዝቤ ስም" የሚል ሰው ስንት አይተናል! እሱ ግን ክብሩን ሳይወስድ ሸክሙን ወሰደ።

ፓርላማ ውስጥ 12 ዓመት ቆየ። ቁመቱ ረጅም፣ ድምፁ ወፍራም፣ ቀልደኛ ነበር ይሉታል። በ1971 ጠቅላይ ሚኒስትር ትሩዶ ምክር ቤት ውስጥ በከንፈራቸው ብቻ ስድብ ሰደቡን ብለው ከከሰሱት ተቃዋሚዎች አንዱ እሱ ነው፤ ያ ጭቅጭቅ እስከዛሬ ካናዳ ውስጥ ይወራል። በ1979 በጆ ክላርክ መንግሥት የሠራተኛ ሚኒስትር ሆነ፤ ጥቁር ሆኖ የካቢኔ ወንበር ላይ የተቀመጠ የመጀመሪያው። መንግሥቱ ግን ዓመት አልሞላውም። በ1980 የምክር ቤት መቀመጫውን ለቅቆ ሥራ ላይ ለተጎዱ ሠራተኞች ካሣ የሚከፍለውን የኦንታሪዮ ቦርድ በሊቀመንበርነት መራ።

ከዚያ ሹመቱ መጣ። ሴፕቴምበር 20 ቀን 1985 ቃለ መሐላ ፈጸመ። ፓርላማ ውስጥ የመጀመሪያ ንግግሩን ካደረገ ልክ 17 ዓመት፣ በዚያው ቀን። በመላ ካናዳ ታሪክ ጥቁር ሆኖ ዘውዱን የወከለ ከእሱ በፊት አልነበረም። እኔም እስካሁን "እሱ" እያልኩ መጥቻለሁ፣ ከዚህ በኋላ አንቱ ልበላቸው።

አሁን ከባዱ ጥያቄ። ይሄ ሹመት ምን ይጠቅማል? የእኛን ታሪክ ያነበባችሁ ይህን ጥያቄ በደንብ ታውቁታላችሁ። በንጉሡ ዘመን አስቸጋሪ ሰው ሲበዛ ሩቅ አገር አምባሳደር ይደረጋል፣ ወይ የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ውስጥ ለስላሳ ወንበር ይሰጠዋል፤ "ሹመት ያዳብር" ተብሎ በምርቃት ዝም ይባላል። አሌክሳንደርስ ላይ የተደረገው ይሄው ቢሆንስ? ሙያቸው ንግግር የሆነ ሰው፣ ዲን ፊት ተነሥተው የተናገሩ ሰው፣ አሁን ሌሎች የጻፉትን ያነባሉ። እሳቸው ወግ አጥባቂ ናቸው፤ ያነበቡት ግን የሊበራሎቹን የዙፋን ንግግር ነው። በ1990 የኒው ዴሞክራቲክ ፓርቲ ኦንታሪዮን ለመጀመሪያ ጊዜ ሲያሸንፍ ለመሪው ለቦብ ሬይ ቃለ መሐላ ያስፈጸሙት እሳቸው ናቸው። የእነሱንም ንግግር አንብበዋል።

ከዚህ የባሰም አለ። በ1988 ቶሮንቶና አካባቢዋ ውስጥ ጥቁሮች በፖሊስ ጥይት ተገድለው ማኅበረሰቡ አደባባይ ወጥቶ ነበር። መንግሥት የፖሊስና የዘር ግንኙነትን የሚያጣራ ግብረ ኃይል እስከ ማቋቋም ደረሰ። በዚያን ጊዜ የኦንታሪዮ ትልቁ የክብር ወንበር ላይ የተቀመጠው ጥቁር ሰው ነው። ያ ሰው ግን ፖሊስን የማዘዝ ሥልጣን የለውም፣ መንግሥትን በአደባባይ መውቀስም አይችልም። ያኔ የሞተው ልጅ እናት "ታዲያ እሳቸው እዚያ መቀመጣቸው ምን ጠቀመኝ?" ብትል መልስ አለን? እኔ የለኝም። ታሪክ የሚያስተምር ሰው ይህን ገጽ ዘሎ ማለፍ የለበትም።

ግን ሌላውም ገጽ አለ። ሕጉ ምን እንዲናገሩ ይከለክላቸዋል እንጂ የት እንዲሄዱ አይከለክላቸውም። እሳቸውም የመረጡት ትምህርት ቤት ነው። በሥልጣን ዘመናቸው ሦስት ነገር ይዘው ተነሡ፦ ወጣቶች፣ አረጋውያን፣ ዘረኝነትን መዋጋት። ከትምህርት ቤት ትምህርት ቤት ዞሩ፣ ከሕፃናት ጋር ተጨባበጡ፣ የእናታቸውን ቃል ደገሙ። የስቴልኮ ሰዎች ደንበኛ ፊት ማቆም ያፈሩበትን ፊት ይዘው የክፍለ ግዛቱ ፊት ሆኑ።

ያን "ጆርጅ" አስታወሳችሁ? ካናዳ ውስጥ ሌተናንት ገዥ "ክቡርነትዎ" እየተባለ ነው የሚጠራው። አዳራሽ ሲገባ ሰው ይነሣለታል። ጠቅላይ ሚኒስትር ይነሣል፣ ዳኛ ይነሣል፣ የፋብሪካ ባለቤት ይነሣል። አባትየውን በስሙ ለመጥራት ያልፈለገ አገር ልጁን "ክቡርነትዎ" አለ። መጠጥ ቤት "ለአንተ አንሸጥም" የተባለ አሥር አለቃ ንግሥቲቱን ወክሎ ወታደራዊ ሰላምታ ተቀበለ። ይሄ ዳቦ ይሆናል? አይሆንም። ጥይት ያስቆማል? አላስቆመም። ነገር ግን የኋላ ወንበር ላይ የተቀመጠች አንዲት ጥቁር ተማሪ ያየችውን ማንም ከዓይኗ አያወጣውም። ሊንከን በ1960 አፍሪካ ሄደው ያዩትን እሷ ሳትሄድ ክፍሏ ድረስ መጣላት።

እንግዲህ እኔ የደረስኩበት ይህ ነው። የክብር ሹመት ባዶ የሚሆነው ወይም የሚሞላው የተሾመው ሰው በያዘው ነገር ነው። ወንበሩ ራሱ ምንም አይሰጥም። አሌክሳንደር ወንበሩ ላይ ሲቀመጡ 63 ዓመት የኖሩትን ይዘው ተቀመጡ። ሌላ የሚሰጡት አልነበራቸውም፣ እሱንም አልሰሰቱም።

በ1991 ከሹመቱ ወረዱ። "ሲሾም ያልበላ" የሚለው ተረት እሳቸው ላይ አይሠራም፣ የሚበላ ነገርም አልነበረበትምና። በዚያው ዓመት የጉዌልፍ ዩኒቨርሲቲ ቻንስለር ሆኑ፤ እስከ 2007 ድረስ ለአምስት ጊዜ ተሾሙ። ያም የክብር ቦታ ነው፤ ሥራው ዲግሪ መስጠትና የተመራቂ እጅ መጨበጥ ነው። እናቱ ምርቃቱን ያላየችለት ሰው ቀሪ ዕድሜውን የሌሎች እናቶች ፊት ልጆቻቸውን ሲያስመርቅ ኖረ። የካናዳን የዘር ግንኙነት ፋውንዴሽንም ለዓመታት መርተዋል። ኢቮን በ1999 አረፉ። እሳቸው ኦክቶበር 19 ቀን 2012 በ90 ዓመታቸው አረፉ፤ አስከሬናቸው በክፍለ ግዛቱ ምክር ቤትና በሃሚልተን ማዘጋጃ ቤት በክብር አርፎ ሕዝብ ተሰናበታቸው፣ በመንግሥት ሥርዓትም ተቀበሩ። ልደታቸው ጃንዋሪ 21 ዛሬ በመላ ካናዳ በሕግ የታወቀ የሊንከን አሌክሳንደር ቀን ነው። በ2021 ደግሞ ቶሮንቶ ያለ አንድ የሕግ ትምህርት ቤት በስማቸው ተሰይሟል። ሕግ ተምረው ልምምድ የሚያስገባቸው ቢሮ ያጡት ሰው ማለት ናቸው፣ አትርሱ።

ወደ ጥያቄህ ልመለስ፣ የሃሚልተኑ ልጄ። ያ በየቀኑ የምትነዳበት መንገድ በ1997 ተከፍቶ በስማቸው የተሰየመው እሳቸው በሕይወት እያሉ ነው። አንድ ነገር ብቻ ልጨምርልህ፣ ያስቅሃል፦ ሊንከን አሌክሳንደር በሕይወታቸው መንጃ ፈቃድ ኖሯቸው አያውቅም። መኪና አይነዱም! አውራ ጎዳና በስማቸው ተሠርቶ እሳቸው ከጎን ተቀምጠው ነው የሚሄዱበት። እንግዲህ አንተ ንዳላቸው። ልጆችህን ትምህርት ቤት ስታደርስ በዚያ ካለፍክ ደግሞ ስሙ የማን እንደሆነ ንገራቸው።

ካናዳ ያላችሁ የድሮ ተማሪዎቼ፣ እሳቸውን በአካል ያያችሁ፣ ወይ ጉዌልፍ ተመርቃችሁ እጃቸውን የጨበጣችሁ ካላችሁ ኮመንት ላይ ጻፉልኝ፤ እኔም ልማር። የተሳሳትኩት ካለም አርሙኝ፣ ስንት ዓመት ሳርማችሁ ኖሬያለሁ፣ ብድራችሁን መልሱ።

ቸር እንሰንብት።